ሥዕሉ ያሳየውና ዓይን ያየው

ባለፈው ዓመት የየካቲት 12 መታሰቢያ በተደረገበት ሰሞን፤ ስለ ፋሺስት ኢጣልያ ወረራ የሚናገር ፊልም በአንድ አዳራሽ ሲታይ እኔም ከተጠሩት ጋራ ገብቼ ተመለከትሁ። ፊልሙ ዛሬ ዘጋቢ ፊልም ከሚባለው ወገን ነው፤ ይኸውም ተዋናይ የሚጫወትበት ሳይሆን፤ በጦርነቱ ዘመን የተነሣ አሮጌ ተንቀሳቃሽ ሥዕልና በዓይናቸው ያዩ ሽማግሎች ቃል እየተፈራረቀ የሚቀርብበት ነው። ነገሩ የደብረ ሊባኖስ መነኮሳት ከተገደሉበት ታሪክ በደረሰ ጊዜ አንድ ሽማግሌ እንባ እየተናነቃቸው ይተርኩ ጀመር። በድምፃቸው ላይ ግን ይታይ የነበረው ሥዕል፤ አይሮፕላኖች ተሰልፈው በተራራ ላይ ቦምብ ሲጥሉ ነው። ከጎኔ ተቀምጠው የነበሩ አንድ አረጋዊ ቄስ ወደ ጆሮዬ ጠጋ ብለው «ደብረ ሊባኖስ በአይሮፕላን ተመታ እንዴ?» ሲሉ ጠየቁኝ። «የለም አባቴ» አልኋቸው። ከፊታችን የነበረ አንድ ጎልማሳ ዞር ብሎ «እንዴት የለም ይባላል? ይኸው እያዩት አባ!» አላቸው። እርሳቸውም ዝም አሉ።

እኔ ቤቴ ከገባሁም በኋላ ነገሩ አልለቀቀኝም። እውነቱ እንዲህ ነው። የካቲት 12 ቀን 1929 ዓ.ም. አብርሃ ደቦጭና ሞገስ አስገዶም በግራዚያኒ ላይ ቦምብ ከጣሉ በኋላ፤ ግራዚያኒ የደብረ ሊባኖስ ገዳም ከነገሩ እጁ አለበት ብሎ ቁርጥ ትእዛዝ ሰጠ። ጄኔራል ማሌቲ ወታደር ይዞ ሄዶ ገዳሙን የከበበው ግንቦት 12 የጻድቁ የአቡነ ተክለ ሃይማኖት ፍልሰተ ዐፅም ሊከበር በተቃረበበት ሰሞን ነው። መነኮሳቱንም በካሚዮን እያስጫነ አወጣቸው፤ ግንቦት 13 ቀን ላጋ ወልዴ በሚባለው ሸለቆ በመትረየስ ተፈጁ። ዲያቆናቱ ደግሞ ከጥቂት ቀን በኋላ በደብረ ብርሃን አቅራቢያ እንገጫ በሚባል ስፍራ ተገደሉ። በዚህ ሁሉ ውስጥ ከሰማይ የወረደ ቦምብ የለም። በአዳራሹ የታየው የአይሮፕላን ሥዕል በ1928 ዓ.ም. በሰሜን ጦር ግንባር የተነሣ ነው፤ ከዚህ ቀደም በሌላ ፊልም ውስጥ አይቼው አውቀዋለሁ።

ሰው ሊል ይችላል፤ «ግፉ እውነት ከሆነ ሥዕሉ ከየትም ቢመጣ ምን ጎደለ?» እኔ ግን ብዙ ጎደለ እላለሁ። ፋሺስትን የሚያወድስ ሰው ዛሬም አለና። በኢጣልያ አፊሌ በምትባል ትንሽ ከተማ በፈረንጆች አቆጣጠር በ2012 ለግራዚያኒ መታሰቢያ ሠርተው በአደባባይ መርቀውታል፤ ቫሌሪዮ ቺሪያቺ የተባለው ኢጣልያዊ በ2015 ያወጣው ፊልም የሚናገረው ይህንኑ ነው። እንዲህ ያለው ሰው ነገ ተነሥቶ «ግንቦት 13 ቀን በዚያ ስፍራ የአይሮፕላን ቦምብ አልወደቀም» ቢል እውነት ይናገራል። በዚያች በአንዲቱ እውነት ተንተርሶም የሽማግሌውን ቃል በሙሉ ሐሰት ሊያደርግ ይሞክራል። ምስክሩን ያስነቀፈው እንግዲህ ጠላት ሳይሆን ሊረዳው የተነሣው ወዳጅ ይሆናል።

ስለዚህ አሮጌውን ሥዕል ማን አነሣው ብለን እንጠይቅ። በዚያ ጦርነት ከተነሡት ተንቀሳቃሽ ሥዕሎች የሚበዙት የኢጣልያ መንግሥት ሥራ ናቸው። በሮም ሉቼ የሚባል የፊልም ድርጅት በፈረንጆች አቆጣጠር በ1924 ተቋቁሞ ነበር፤ ስሙ ከረዥም መጠሪያው የመጀመሪያ ፊደላት የተለቀመ ሲሆን፤ ሲነበብ በቋንቋቸው «ብርሃን» ማለት ይሆናል። ሙሶሊኒ ድርጅቱን በመንግሥት እጅ አግብቶ፤ የሚያወጣው የዜና ፊልም በየሲኒማ ቤቱ እንዲታይ በሕግ አስገደደ። በ1928 ዓ.ም. በመስከረም ወር ጦሩ መረብን በተሻገረ ጊዜም ድርጅቱ ለምሥራቅ አፍሪካ የተለየ ክፍል አቁሞ ሥዕል አንሺዎቹን ከጦሩ ጋራ አሰለፈ። በማግሥቱ ዓመት «የጀግኖች ጉዞ» የሚል ስም ተሰጥቶት የወጣው ፊልም ከዚህ ሥራ የተገኘ ነው። በእርሱም መርከብ ሲራገፍ፤ ጎዳና ሲጠረግ፤ ስንቅ ሲጓዝ፤ ቁስለኛ ሲታከም ይታያል፤ ጦርነት ሳይሆን ትልቅ የግንባታ ሥራ ይመስላል።

በእነዚህ ሥዕሎች ውስጥ የኛ ሰው አዘውትሮ የሚታየው በሁለት መልክ ነው። ከሰማይ ሲታይ በሜዳ ላይ እንደ ጉንዳን ይበተናል፤ ከምድር ሲታይ ደግሞ ተሰልፎ እጅ ይነሣል። ፊት ለፊት ቆሞ ስሙን የሚናገር የለም። ዛሬ የሚሠሩት ፊልሞች የድሮውን ተራኪ ድምፅ አውጥተው በምትኩ ሐዘንተኛ ዜማ ያስገባሉ፤ እንዲህ በማድረጋቸውም ሥዕሉ ወደ እኛ ወገን የዞረ ይመስላቸዋል። ድምፁ ተለወጠ እንጂ ዓይኑ አልተለወጠም፤ ተመልካቹ አሁንም አይሮፕላኑ ላይ ተቀምጦ ወደ ታች ያያል። እኔ ራሴ ይህን ያስተዋልሁት ዘግይቼ ነው፤ አስቀድሞ ብዙ ጊዜ ሳለቅስ የምመለከተው በነጂው ትከሻ ላይ ሆኜ እንደ ነበረ አላወቅሁም።

እርግጥ ሁሉም የእነርሱ ብቻ አይደለም። ጼይትሊንና ዬሹሪን የተባሉ ሁለት የሶቪየት ሥዕል አንሺዎች በጦርነቱ ጊዜ ወደ ኢትዮጵያ መጥተው ከኛ ወገን ያለውን አንሥተዋል፤ ፊልማቸውም «አቢሲኒያ» ተብሎ በሞስኮ ወጥቷል። የኢጣልያ ወታደሮችም በየኪሳቸው በያዙት መሣሪያ የግፋቸውን ፎቶግራፍ ለመታሰቢያ እያነሡ ያስቀምጡ ነበር፤ ከድል በኋላ የኢትዮጵያ መንግሥት ከነዚህ ሰብስቦ ለዓለም እንዲታይ አሳተመ። አለቃቸው የከለከለውን ሥዕል የራሳቸው ከንቱ ኩራት አወጣው።

የሉቼ ሥዕል አንሺ ያላነሣው ትልቁ ነገር ግን የመርዙ ጋዝ ነው። በቅኔ ቤት ውስጠ ወይራ የሚባል መንገድ አለ፤ ላዩ አንድ ነገር ሲናገር ውስጡ ሌላ ይዞ የተቀመጠ ነው። በእነዚህ ፊልሞች አይሮፕላኑ ቦምብ ተጭኖ ይነሣል፤ ይመለሳል፤ ነጂው እየሣቀ ይወርዳል። በመካከል የሆነውን ግን አታይም። ኢጣልያ በመርዝ ጋዝ መዋጋትን የሚከለክለውን የ1925 የዠኔቭ ስምምነት በፊርማዋ ያጸደቀች አገር ነበረች፤ ነገሩ እንዳይታወቅ መደበቋም ከዚህ የተነሣ ነው። ሙሶሊኒ ግን ታኅሣሥ 18 ቀን 1928 ዓ.ም. ለማርሻል ባዶሊዮ ባስተላለፈው ቴሌግራም ማናቸውንም ዓይነት ጋዝ በሰፊውም ቢሆን እንዲጠቀምበት ፈቅዶለታል። ይህ ቴሌግራም በመዝገብ ተቀምጦ ተገኝቷል፤ ሥዕል ግን የለውም።

ሥዕል በሌለበት የቀረው የሰው ቃል ነው። የሰው ቃል ደግሞ እንደ ሥዕሉ ሁሉ መመርመር ይገባዋል፤ ምስክር ተብሎ ስለ ተጠራ ብቻ አይታለፍም። በመጻሕፍት ቤት አንዱን ገጸ ንባብ ስንማር መምህራችን ትርጓሜውን ከመስጠታቸው አስቀድመው «ማን ተናገረው? ለማን? ምን ሆኖ ሳለ?» ብለው ይጠይቁን ነበር፤ ያንኑ እዚህ ላይ እናድርገው።

ግርማዊ ቀዳማዊ ኃይለ ሥላሴ ሰኔ 23 ቀን 1928 ዓ.ም. በዠኔቭ በዓለም መንግሥታት ማኅበር ፊት ቆመው በአማርኛ ሲናገሩ፤ ከአይሮፕላን ላይ መርዙ እንደ ረቂቅ ዝናም ሆኖ በወታደሩ፤ በከብቱ፤ በወንዙና በመስኩ ላይ ይወርድ እንደ ነበረ መሰከሩ። ንግግራቸውን ሊጀምሩ ሲሉ የኢጣልያ ጋዜጠኞች ከሰገነት ላይ እያፏጩ ሊያውኳቸው መነሣታቸው የታወቀ ነው። ልዑል ራስ ዕምሩ በበኩላቸው በተከዜ መሻገሪያ ስላዩት ሲናገሩ፤ አይሮፕላኖቹ የጣሉት እንግዳ በርሜል የሚመስል ነገር ነበረ፤ ምድር ወይም ውኃ ሲነካ እየፈነዳ ቀለም የሌለው ፈሳሽ ይረጫል፤ ያገኘውንም ሰው እጁን፤ እግሩንና ፊቱን ያቈስለዋል ብለዋል። አንጄሎ ዴል ቦካ የተባለው ኢጣልያዊ የታሪክ ጸሐፊ ይህን ቃላቸውን ተቀብሎ ለአገሩ ሰዎች አስነብቧል።

አንዱ ዝናም አለ፤ ሌላው በርሜል አለ። ቸኩሎ የሚፈርድ ሰው «እነሆ ምስክሮቹ ተጣሉ» ይል ይሆናል። የኢጣልያ ሰነዶች ሲገለጡ ግን ነገሩ ተፈታ። በብዛት የተጠቀሙበት ቦምብ 212 ኪሎ ግራም ያህል የሰናፍጭ ጋዝ የሚይዝ ትልቅ በርሜል መሳይ ነበረ፤ የተሠራውም መሬት ሳይደርስ በ250 ሜትር ያህል ከፍታ ላይ ተሰንጥቆ ፈሳሹን እንዲያዘንም ነው። በጊዜው የማይሰነጠቅ ሲሆን ደግሞ ምድር ላይ ወድቆ ይፈነዳል። ከአይሮፕላኑ ላይ የሚረጭ መሣሪያ ነበረ የሚለውን መርማሪዎች ዛሬ አይቀበሉትም፤ ዝናሙ ግን ዝናም ነበረ። ሁለቱም ያዩትን ተናገሩ፤ ያየው ሰው የመሣሪያውን አሠራር አላወቀም እንጂ በቆዳው ላይ ስለ ወረደው አልተሳሳተም። ሁለቱን ቃል ለየብቻ አቁሞ ከሰነዱ ጋራ የሚያስተያይ ፊልም እስካሁን አላየሁም፤ ብዙዎቹ የአንዱን ይወስዱና የሌላውን ይተዋሉ፤ ወይም ሁለቱን ቀላቅለው በጥቁር ደመና ሥዕል ይሸፍኑታል።

ሦስተኛ ምስክር አለ። ዶክተር ማርሴል ዡኖ የተባለው የስዊስ ሐኪም ከዠኔቭ የቀይ መስቀል ኮሚቴ ተልኮ በ1928 ዓ.ም. ቆረም ድረስ ሄዶ ነበር፤ በዚያም በጋዙ የተቃጠሉትን ሰዎች በዓይኑ አየ። ወገን የሌለው፤ የተማረ፤ ሐኪም ነው፤ ከዚህ የተሻለ ምስክር ከየት ይገኛል? የዓለም መንግሥታት ማኅበርም በዚያው ጊዜ ስለ ጋዙ የሚያውቀውን እንዲሰጠው የቀይ መስቀልን ኮሚቴ ጠየቀ። ኮሚቴው ግን «እኛ ለማንም አናዳላም» በማለት ማስረጃውን ሳይሰጥ ቀረ። ዡኖ ያየውን በመጽሐፍ ያወጣው ጦርነቱ ካለፈ ከአሥር ዓመት በላይ በኋላ፤ በፈረንጆች አቆጣጠር በ1947 ነው። ምስክሩ ሳይጠፋ ምስክርነቱ በመሳቢያ ተቈለፈበት።

ስለ ዓይን ምስክር ስናገር ከሁሉ ይልቅ የሚያስደንቀኝ ግን የኢንድሮ ሞንታኔሊ ነገር ነው። ይህ ሰው በኢጣልያ ስመ ጥር ጋዜጠኛ ሲሆን፤ በወጣትነቱ በዚሁ ጦርነት መኰንን ሆኖ ዘምቷል። ዴል ቦካ ከመዝገብ ያገኘውን እየጠቀሰ ስለ ጋዙ በጻፈ ቍጥር ሞንታኔሊ «እኔ በስፍራው ነበርሁ፤ አላየሁም፤ አልነበረም» እያለ ብዙ ዘመን ተከራከረው። ሕዝቡም ያመነው እርሱን ነበር፤ እርሱ በስፍራው ነበረና፤ ዴል ቦካ ግን ከወረቀት የሚያነብ ነው። በ1988 ዓ.ም. የኢጣልያ መከላከያ ሚኒስትር ጄኔራል ኮርቾኔ የጋዝ ቦምብ መጣሉን በይፋ ባመነ ጊዜ ሞንታኔሊ መሳሳቱን በጋዜጣ ላይ አምኖ ጻፈ። ይህን ማድረጉ ያስመሰግነዋል። እኔን የሚያሳስበኝ ግን «አላየሁም» የሚለው ቃል እንዴት ባለ ቀላል መንገድ «አልነበረም» ወደሚለው እንደሚሻገር ነው። አንድ መኰንን የቆመበትን ኮረብታ ያህል ብቻ ያያል፤ ከኮረብታው ማዶ ያለው ሌላ ምስክር ይፈልጋል።

በደብረ ሊባኖስም ነገር ይኸው አለ። ግራዚያኒ ወደ ሮም ባስተላለፈው ቴሌግራም በመጀመሪያ 297 መነኮሳትና 23 ሌሎች ሰዎች፤ ቀጥሎም 129 ዲያቆናት መገደላቸውን ተናገረ፤ ጠቅላላውም 449 ይሆናል። ለብዙ ዘመን የተጻፈው ይህ ቍጥር ነው፤ ገዳዩ በራሱ ላይ የሰጠው ቃል ስለ ሆነ አይታበልም ተብሎ ታመነ። ኢያን ካምቤልና ደግፌ ገብረ ጻድቅ ግን በአካባቢው በሕይወት የነበሩትን ሽማግሎች እየተዘዋወሩ ጠየቁ፤ ስፍራውንም በእግራቸው መረመሩ። ከዚያ በኋላ የተገደሉት ከ1,423 እስከ 2,033 እንደሚደርሱ ገመቱ። እነዚያ ሽማግሎች ባይጠየቁ ኖሮ ሺህ ያህል ወይም ከዚያ የሚበዛ ሰው ሁለተኛ በሞተ ነበር፤ በዚህ ጊዜ የሚገድለው ግን መዝገቡ ነው።

ይህን ነገር የኢጣልያ ሕዝብ ራሱ በፊልም እንዲያየው መደረጉ ቀላል አልነበረም። ኬን ከርቢ የተባለው እንግሊዛዊ በፈረንጆች አቆጣጠር በ1989 ለቢ.ቢ.ሲ. «የፋሺስት ውርስ» የሚል ባለ ሁለት ክፍል ፊልም ሠርቶ፤ በኢትዮጵያ፤ በሊቢያና በዩጎዝላቪያ የተሠራውን ግፍ፤ ደግሞም አድራጊዎቹ እንዴት ሳይፈረድባቸው እንደ ቀሩ አሳየ። የኢጣልያ መንግሥት ቴሌቪዥን ፊልሙን ገዝቶ በሣጥን አስቀመጠው እንጂ ለሕዝብ አላሳየውም። በ2016 ግን የኢጣልያ ካቶሊክ ጳጳሳት ቴሌቪዥን ስለ ደብረ ሊባኖስ ብቻ የሚናገር ፊልም አሠርቶ አቀረበ። ይህን ባየሁ ጊዜ፤ ያ የጨለማው «ብርሃን» ከተወለደበት አገር ሌላ ብርሃን ወጣ ብዬ ደስ አለኝ።

ሽማግሌም ይሳሳታል፤ ይህን መናገር ማዋረድ አይደለም። በ1929 ዓ.ም. የሰባት ዓመት ልጅ የነበረ ዛሬ ዘጠና ዓመት አልፎታል፤ በሕይወት ያሉትም በጣት የሚቈጠሩ ናቸው። ከዚያን ጊዜ ወዲህ ስንት ታሪክ ሰምቷል፤ ስንት ፊልም አይቷል። በልጅነቱ ያየውና በኋላ በሥዕል ያየው በልቡ ውስጥ ጎን ለጎን ተኝተዋል። የተሳሳተ ሥዕል በቃሉ ላይ ስንለጥፍበት እንግዲህ ተመልካቹን ብቻ አናሳስትም፤ ባለቤቱንም ትዝታውን እንቀማዋለን። ያ ጎልማሳ ለአባ «ይኸው እያዩት» ሲላቸው ዝም ያሉት ተረትተው ይሁን ወይም አዝነው እስካሁን እጠይቃለሁ።

ሥዕል የሌለው ታሪክ አይታመንም የሚል ቢኖር ዘረት ይሂድ። በሰሜን ሸዋ ባለው በዚህ ዋሻ ውስጥ የራስ አበበ አረጋይ ተከታዮች የሆኑ አርበኞች፤ ቁስለኞች፤ ሴቶችና ሕፃናት ተጠልለው ነበር። በሚያዝያ 1931 ዓ.ም. የኢጣልያ ጦር ከበባቸው፤ በዋሻው አፍ ጋዝ ለቀቀባቸው፤ እጃቸውን ከሰጡትም ወንዶቹን ረሸናቸው። የአገሩ ሰው «የአመጸኛ ዋሻ» እያለ ታሪኩን ከአባት ወደ ልጅ ሲያወርድ ኖረ፤ ከአካባቢው ወጥቶ የሰማው ግን ጥቂት ነው። በፈረንጆች አቆጣጠር በ2006 ማቴዎ ዶሚኒዮኒ የተባለው ኢጣልያዊ ተመራማሪ የጦሩን ሰነድ በሮም መዝገብ ቤት አግኝቶ ወደ ስፍራው መጣ። ከእርሱም በኋላ አልፍሬዶ ጎንዛሌዝ ሩይባል የሚባል የስፔን የጥንት ቅርስ መርማሪ ከባልደረቦቹ ጋራ ገብቶ የሰው ዐፅምና ተጠልለው የነበሩት ሰዎች የተገለገሉበትን ዕቃ አየ። ሽማግሎቹ ሲናገሩት የኖሩት፤ ሰነዱ የጻፈውና ምድር ያስቀመጠችው ሦስቱ ገጠሙ። አንዲት ስንዝር ፊልም የለም።

ከዚያ ምሽት በኋላ ፊልሙን የሠራውን ወጣት ፈልጌ አገኘሁት፤ ስሙን አልጠራም፤ ልቡ መልካም ነውና። ስለ አይሮፕላኑ ብነግረው አልተቈጣም። «አባቴ፤ የዚያን ቀን ያነሣ ሰው የለም፤ ሽማግሌው እየተናገሩ ስድስት ደቂቃ ሙሉ ምን ላሳይ?» አለኝ። እኔም ያልገባኝን ሥራ ላስተምረው ስላፈርሁ ጥቂት ዝም ካልሁ በኋላ፤ ላጋ ወልዴ ሄዶ ያውቅ እንደ ሆነ ጠየቅሁት። አልሄደም። «እንግዲያስ ሂድና ሸለቆውን ዛሬ እንዳለ አንሣው፤ ሣሩንም፤ ድንጋዩንም። በላዩም ዛሬ የተነሣ መሆኑን ጻፍበት፤ አይሮፕላኑንም ልታሳየው ብትወድ የት፤ መቼና በማን እጅ እንደ ተነሣ ከግርጌው ጻፍ» አልሁት። ከክረምቱ በፊት እሄዳለሁ ብሎኛል።